ቀይ ሲበራ ሲስተም የለም

አንድ ጊዜ አፌን ሳልከፍት ዋሽቻለሁ። «አንድ ጊዜ» ማለቴ ራሱ ትንሽ ውሸት አለበት፤ ውሸቱ አንድ ነው፣ የቆየው ግን አራት ወር ነው።

ሰው ውሸት የሚወጣው ከአፍ ብቻ ይመስለዋል። ቢሮ ውስጥ የሠራ ግን እንዲህ አይልም። የቢሮ ውሸት እጅም እግርም አለው። ደጋ አገር ያሉ ባልደረቦቻችን ኮታቸውን ወንበር ላይ ሰቅለው ይወጣሉ፤ ኮቱ ቁጭ ብሎ «አሉ፣ አሁን ይመለሳሉ» እያለ ባለጉዳይ ያስተናግዳል። መነጽሩን የተከፈተ ፋይል ላይ አስቀምጦ ገበያ የሚወጣም አለ። እኛ ጋምቤላዎችስ ምን እናድርግ? እዚህ ከተማ ኮት የለበሰ ሰው ወይ ሙሽራ ነው ወይ ከላይ የተላከ ተቆጣጣሪ። ሸሚዙ እንኳ በዝቶብን ማን ኮት ሰቅሎ ይታመናል? ስለዚህ በዚህ በኩል መሥሪያ ቤታችን ወደ ኋላ የቀረ ነበር። ክፍተቱን የሞላሁት እኔ ነኝ። አልኮራበትም፤ እንዲያውም ይህን ስጽፍ መዳፌ አልቦታል፣ ሙቀቱ ብቻም አይደለም።

የምሠራው የሠራተኞች ማህደር ክፍል ነው። የሥራ ልምድ ደብዳቤ የፈለገ፣ ዝውውር የጠየቀ፣ የቅጥር ዘመኑ የተሳሳተበት፣ ሁሉም እኔን ሳያይ አያልፍም። መቲ ተወልጄ፣ እዚሁ ከተማ ተምሬ፣ እዚሁ ወንበር ላይ አሥራ ስድስት ዓመት ተቀምጫለሁ። በእነዚህ ዓመታት ውስጥ የሰው ማህደር ጠፍቶብኝ አያውቅም። ይህን የምለው ለመመስገን ሳይሆን ቀጥሎ ለሚመጣው ጥፋት ማቅለያ እንዲሆነኝ ነው። ጥፋተኛ ሰው መጀመሪያ የሚያነሣው ጽድቁን አይደል?

ነገሩ የጀመረው በኪቦርድ ነው። የአሮጌው ኪቦርዴ ግማሽ ቁልፍ በጥፍር ካልቆነጠጡት አይሠራም ነበር። ታዲያ ኩሌ የስደተኞች መጠለያ አካባቢ ይሠራ የነበረ አንድ ፕሮጀክት ሲዘጋ ዕቃው ለመሥሪያ ቤቶች ተከፋፈለ። ለሌላው ክፍል ወንበርና መደርደሪያ ደረሰው። ለእኔ ግን አንድ የፕሮጀክቱ ሠራተኛ ጌም ይጫወትበት ነበር የተባለ ኮምፒውተር ከነኪቦርዱ፣ ከነማውዙ መጣልኝ። ስሰካው ኪቦርዱ እንደ ሠርግ ድንኳን በቀለም ተንቦገቦገ። አንዴ ቀይ፣ አንዴ አረንጓዴ፣ አንዴ ወይን ጠጅ። የቅርብ አለቃዬ አቶ መኩሪያ አይተው፣ ይህ ነገር ለመንግሥት ሥራ ይሆናል ወይ ብለው ጠየቁኝ። ቁጡ አይደሉም፤ ግን ሁሉን ነገር ከመመሪያ ጋር የሚያስተያዩ ሰው ናቸው። ኪቦርድ ምን ዓይነት ቀለም እንዲያበራ የሚደነግግ መመሪያ ስላላገኙ ተዉኝ።

እኔም መብራቱን ላጠፋ ብዬ ስፈልግ ኮምፒውተሩ ውስጥ ኪቦርዱንና ማውዙን የሚያዝ ሶፍትዌር አገኘሁ። ማጥፊያውን ስፈልግ ሌላ ሌላውን ሁሉ ተማርኩ። የትኛው ፕሮግራም ሲከፈት የትኛው ቀለም ይብራ የሚለውን አስቀድማችሁ ትነግሩታላችሁ፤ ይህንን ፕሮፋይል ይለዋል። ፕሮግራሞቻችሁን ደግሞ በትንንሽ ሥዕል ደርድሮ ያስቀምጥላችኋል። ሥዕሉን ስትነኩት ፕሮግራሙም ይከፈታል፣ ኪቦርዱም በዚያው ቅጽበት ቀለሙን ይለውጣል። እንደ ታዛዥ አሽከር ነው፤ ጌታው ሲቀየር ልብሱን ይቀይራል። የማህደር መዝገቡን አረንጓዴ አደረግሁት። አጠገቡ የተቀመጠው ሌላ ሥዕል ዓሣ ነበር።

ዓሣው ያ ሠራተኛ ትቶት የሄደ ጌም ነው። ሐይቅ አለ፣ ጀልባ አለ፣ መንጠቆ ትጥላላችሁ፣ ትጠብቃላችሁ። ልብ በሉ፤ እኔ የተቀመጥኩበት ወንበርና ባሮ ወንዝ መካከል ያለው መንገድ የአሥር ደቂቃ የእግር ጉዞ ነው። እውነተኛ አምባዛ የሚወጣበት ወንዝ አጠገቤ ሆኖ እኔ የኮምፒውተር መስታወት ውስጥ ዓሣ አጠምዳለሁ። ባሮ ላይ መረብ የሚጥሉት ሰዎች ቢሰሙ ምን ይሉ ነበር? ጌሙን ቀይ አደረግሁት። ለምን ቀይ? የፍርሃት ቀለም ስለሆነ ይሆናል። ሳጠምድ አንድ ጆሮዬ በር ላይ ነበር፤ ኮሪደር ላይ ጫማ በተሰማ ቁጥር ጣቴ ወደ መዝገቡ ሥዕል ይሮጥ ነበር። እንዲህ እየፈሩ መጫወት ምን ደስታ አለው ትሉ ይሆናል። እኔም እላለሁ። ግን በማግስቱ እከፍተዋለሁ።

አንድ ቀን አቶ መኩሪያ ሳልሰማቸው ገቡ። ስክሪኑ ወደ ግድግዳው ስለዞረ ዓሣውን አላዩም፤ ያዩት በቀይ መብራት የተለቀለቀ እጄን ነው። ምን ሆኖ ነው ቀይ የሆነው አሉ። እኔም ምንም ሳላስብ ሲስተሙ ሲወድቅ እንዲህ ይሆናል አልኳቸው። ይህች አንዷ ውሸት በአፌ የወጣች ናት፤ ሌሎቹን ሁሉ የዋሸው መብራቱ ነው። አቶ መኩሪያ በጣም ደስ አላቸው። ለካ መብራቱ ጥቅም አለው፤ ባለጉዳይ በከንቱ ከመጉላላት ይድናል አሉ። ወዲያው የጥበቃውን አቶ ቱትን ጠርተው፣ የወይዘሮ የሺ፣ የእኔ ማለት ነው፣ ኪቦርድ ቀይ ሲሆን ሲስተም ስለሌለ ሰው እንዳይገባ፣ አረንጓዴ ሲሆን እንዲያስገቡ አዘዟቸው።

አቶ ቱት ትእዛዝ እንደ ቃል ኪዳን የሚይዙ አዛውንት ናቸው። ለኑዌሩ በኑዌር፣ ለአኙዋው በአኙዋ፣ እዚህ ተወልደንም ደገኞች ለምንባለው ለእኛ በአማርኛ እያስተማሩ በሁለት ሳምንት ውስጥ አገር አሳወቁ። ቢሮዬ ለሙቀቱ ሲባል መጋረጃው ሁልጊዜ በከፊል የተጋረደና ጨለም ያለ ስለሆነ የኪቦርዱ ብርሃን በመስኮቱ የትንኝ መከላከያ ወንፊት በኩል ጎልቶ ይታያል። ባለጉዳይ ግቢው ውስጥ ካለው የኒም ዛፍ ሥር ቁጭ ብሎ መስኮቴን ያያል። አረንጓዴ ሲሆን ይነሣል። ቀይ ሲሆን ይቀመጣል። የሚያንኳኳ የለም፣ የሚቆጣ የለም። እንዲህ ያለ ሥርዓት ያለው ተራ በሕይወቴ አይቼ አላውቅም። እንዲያውም አቶ መኩሪያ በስብሰባ ላይ ክፍሌን በምሳሌነት አንሥተው አመሰገኑ። ከወንበሬ በታች ብገባ ደስ ባለኝ።

አያችሁ፣ ድሮ የምጫወተው አሥር ደቂቃ ነበር፤ ምክንያቱም ያንኳኩብኛል። አሁን ማን ያንኳኳል? አሥሩ ሠላሳ ሆነ፣ ሠላሳው ሰዓት ሆነ። ጠዋት ሥራዬን እሠራለሁ፤ ከቀትር ዕረፍት በፊት ያለችውን ሰዓት ለዓሣ ሰጠኋት። የፈሩትን ሲለምዱት ፍርሃቱ የሚቀር ይመስላል፤ አይቀርም። ዓሣው ሲነክስ ልቤ ይመታል፣ የኒሙን ዛፍ ባየሁ ቁጥርም ልቤ ይመታል። ሁለቱን መለየት አቃተኝ።

ያን ሳምንት ማክሰኞ ከኒሙ ሥር አንድ ረጅም ሰው ተቀምጠው አየሁ። ደብተር ጉልበታቸው ላይ አድርገው የተማሪ ፈተና ያርማሉ። ረቡዕም አየኋቸው። ሐሙስም። ስለሚያርሙ መጠበቁ የከበዳቸው አልመሰለኝም። ሰው ራሱን የሚያጽናናበት ነገር መቼ ያጣል? ረቡዕ ዕለትማ ጾም ስለሆነ፣ ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለውን የቆየ ክርክር እያሰብኩ፣ የመስታወቱ ዓሣ ግን በሁለቱም ወገን ያልተከለከለ ነው ብዬ ብቻዬን ፈገግ ብያለሁ። ያቺን ፈገግታ ዛሬ ሳስባት ትቆመጥጠኛለች።

ዓርብ ከቀትር በኋላ፣ ከረጅሙ የሙቀት ዕረፍት ገና እንደተመለስን፣ ወደ አሥር ሰዓት ገደማ፣ አቶ ቱት በሕይወታቸው ለመጀመሪያ ጊዜ ሕጋቸውን ጣሱ። አረንጓዴ ይሁን ቀይ ሳያዩ በሩን አንኳኩና ሰውየውን ይዘው ገቡ።

«ወይዘሮ የሺ፣ ይሄ መምህር አራት ቀን መጣ» አሉ። «እኔ ቀይ ነው፣ ሂድ እላለሁ። እሱ እሺ ይላል። ዛሬ ግን ያልቃል።»

መምህር ኦቻን ይባላሉ። ከኢታንግ ወዲያ በሚገኝ ትምህርት ቤት አሥራ ዘጠኝ ዓመት ያስተማሩ ናቸው። እዚህ ከተማ የርዕሰ መምህርነት ቦታ ወጥቷል፤ ለመመዝገብ የሥራ ልምድ ደብዳቤ ያስፈልጋል፤ ምዝገባው የሚያበቃው በዚያው ዓርብ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ነው። ሚስታቸው የምትሠራው እዚህ ከተማ ነው፣ ሦስቱ ልጆችም ከእሷ ጋር ናቸው። እሳቸው ከቤተሰባቸው ጋር በአንድ ጣሪያ ሥር መኖር ካቆሙ ሰባተኛ ዓመታቸው ነው። ይህን ሁሉ የነገሩኝ ለማሳዘን አይደለም፤ ማመልከቻቸው ላይ ምክንያት የሚል ቦታ ስላለ ነው። ከኢታንግ የሚያመጣቸው መኪና የሚደርሰው ከቀትር ዕረፍት በፊት ባለችው ሰዓት ነው፤ ከዕረፍት ስንመለስ ደግሞ የመመለሻው መኪና ሄዷል። የእሳቸው መኪና የሚደርስበትና የእኔ ዓሣ የሚነክስበት ሰዓት አንድ ሆነ ማለት ነው። ያን ዕለት መመለሻውን ትተው ቀሩ።

ለምን አላንኳኩም አልኳቸው። ወቀሳውን ለእሳቸው ማዞሬን ልብ በሉ።

«ሲስተሙ ባንቺ እጅ አይደለም እህቴ» አሉኝ። «ጥበቃው፣ ብቻዋን ከተበላሸ ማሽን ጋር ስትታገል ትውላለች አለኝ። እኔስ ቁጭ ብዬ ፈተና አርማለሁ፤ የከፋው ያንቺ ነው።»

ይህን ብለው ከቦርሳቸው በወረቀት የተጠቀለለ ነገር አውጥተው ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጡ። እጅ መንሻ እንዳይመስለኝ ፈርተው ደብዳቤው ቢወጣም ባይወጣም ያንቺ ነው አሉኝ። ሽታው ቀድሞ ነገረኝ። በጭስ የደረቀ ዓሣ ነው፤ ወንድማቸው ከባሮ ያወጣው።

እንግዲህ ፍረዱኝ። አራት ቀን ዓሣ ሳጠምድ ያስጠበቅኋቸው ሰው ለድካሜ ብለው ዓሣ አመጡልኝ።

ተነሥቼ መሬት ብስም ይሻል ነበር። ግን ጊዜ አለን፣ አንድ ሙሉ ሰዓት አለን አልኩ። ደብዳቤው የሚፈጀው አሥር ደቂቃ ነው። አቶ መኩሪያን አስጠራሁ፤ ማህተማቸውን ይዘው መጥተው በሩ ላይ ቆሙ። እየቸኮልኩ ያንን ሶፍትዌር ከፈትኩ፣ ሥዕሎቹ ተደረደሩ፣ ነካሁ።

ዓሣውን ነካሁት።

ኪቦርዱ ከጫፍ እስከ ጫፍ ቀላ። ክፍሉ ቀላ። የመምህር ኦቻን ነጭ ሸሚዝ ሳይቀር ቀላ። አቶ ቱት ከንፈራቸውን መጠጡ። መምህሩ ቀስ ብለው ከወንበራቸው ተነሡ።

«ወደቀ አይደል? አይዞሽ። እዛፉ ሥር ነኝ።»

«አሁንም?» አሉ አቶ መኩሪያ።

እዚህ ላይ አንድ ቃል ይበቃ ነበር። ተሳስቼ ነው ብል ያልቅ ነበር። ምኑን ነው የተሳሳትሽው ይሉኛል፣ ቀይ ማለት ምን እንደሆነ ይጠይቁኛል፣ ያ የተመሰገነው ሥርዓት፣ አራቱ ወር፣ ያ ሁሉ ሰው ከኒሙ ሥር... ዝም አልኩ። አቶ መኩሪያም ሲስተሙ ሲመለስ ጥሩኝ ብለው ማህተሙን ኪሳቸው ከትተው ወጡ።

ጥፋቴ በዚህ ቢያበቃ ስሕተት ነበር እላችሁ ነበር። ዓሣውን ዘግቼ መዝገቡን መክፈት የአንድ ትንፋሽ ሥራ ነው። ግን አስቡት፤ በአራት ወር ውስጥ ሲስተሙ ወድቆ ከግማሽ ሰዓት በፊት ተመልሶ አያውቅም። አሁን ወዲያው አረንጓዴ ቢሆን ሰው ምን ይላል? አቶ መኩሪያ ገና ኮሪደሩን አልጨረሱም። ስለዚህ፣ ይኸውላችሁ፣ ቁጭ አልኩ። ውሸቴ እውነት እንዲመስል ቀዩን አብርቼ ሰዓቱን እያየሁ ተቀመጥኩ። መንጠቆ እንኳ አልጣልኩም። ጀልባው ዝም ብሎ ይወዛወዛል፤ እኔም ዝም ብዬ አልባለሁ። በወንፊቱ በኩል መምህር ኦቻን ይታዩኛል፤ እሳቸውም ወደ እኔ ያያሉ። አንድ ጊዜ እጃቸውን አንሥተው የማበረታቻ ምልክት አሳዩኝ። ሃያ አምስት ደቂቃ ቆየሁ። ከግማሽ ሰዓቱ አምስቱን የቀነስኩት ለሕሊናዬ ብዬ ነው።

አረንጓዴውን ሳበራ ከኒሙ ሥር ያለው ሁሉ ተነሣ። ደብዳቤውን ጻፍኩ፣ አተምኩ። አቶ መኩሪያ ግን ቢሮአቸው የሉም። ኮት ስለማይለብሱ ኮታቸውን ልጠይቀው አልቻልኩም። አቶ ቱት በአንድ አቅጣጫ፣ እኔ በሌላ አቅጣጫ ፈለግን፤ ከግቢው ማዶ ሻይ ቤት ሲስተሙን እየጠበቁ አገኘኋቸው። ማህተሙ እዚያው የሻይ ጠረጴዛ ላይ ተመታ። ከመምህሩ ጋር ባጃጅ ያዝን። የባጃጁ ልጅ ሠርግ ነው ወይ ብሎ ጠየቀ፤ ንዳ ብቻ አልኩት። መመዝገቢያው ቢሮ ስንደርስ አሥራ አንድ ሰዓት ካለፈ ሰባት ደቂቃ ሆኖታል። መዝጋቢዋ ገና ወንበሯ ላይ ናት፤ ኮምፒውተሯም ክፍት ነው። ሰባት ደቂቃ ናት፣ እባክሽ አልኳት። ቀና ብላ አየችኝና ሲስተሙ ተዘግቷል አለች።

ኪቦርዷን አየሁት። ጥቁር ነው፣ እንደማንኛውም ኪቦርድ። ምንም ምልክት የለውም። እውነቷን ይሁን ትዋሽ በምን ልወቅ? በዚህ ከተማ «ዋሽተሻል» ለማለት መብት የሌላት አንዲት ሴት ብትኖር እኔ ነኝ። ደብዳቤውን እንደያዝኩ ቆምኩ። ዕንባዬ መጣ። መምህር ኦቻን ትከሻዬን መታ መታ አደረጉ።

«አንቺ ሮጠሽልኛል» አሉኝ። «የሲስተም ነገር ነው። ለሚቀጥለው እሞክራለሁ።»

ደብዳቤውን ለሚቀጥለው ብዬ አጥፌ ያዝኩት። እንግዲህ ዝምታ ልማድ ሆኗል።

ሰኞ ጠዋት ጌሙን አጠፋሁት፤ ኪቦርዱንም ለሁሉም ፕሮግራም አረንጓዴ አደረግሁት፤ ቀይ የሚባል ነገር እንዳላይ። ይህ ንስሐዬ መሆኑ ነው። ምን ሆነ መሰላችሁ? በዚያው ሳምንት ኔትዎርክ ጠፍቶ ሲስተሙ የእውነት ወደቀ። ወጥቼ ሲስተም የለም ብዬ ተናገርኩ። ከኒሙ ሥር የነበረው ሰው ወደ መስኮቱ አየና፣ አረንጓዴ ነው እኮ አለኝ። አቶ ቱት ራሳቸው ተቀየሙ። ድሮ መብራቱ እውነት ይናገር ነበር፣ አሁን ተበላሽቷል፣ ይሠራልን ብለው ለአቶ መኩሪያ አመለከቱ። አቶ መኩሪያም ቀዩን እንድመልሰው በደብዳቤ ጠይቀውኛል። ደብዳቤውን ፋይል አድርጌ አስቀመጥኩት።

የርዕሰ መምህርነቱ ቦታ በሌላ ሰው ተያዘ። ከዚያ ወዲህ እንዲህ ያለ ቦታ አልወጣም፤ በየሳምንቱ የማስታወቂያ ሰሌዳውን አያለሁ። የመምህር ኦቻን ደብዳቤ ማህተም ተመትቶበት በሦስት ቅጂ መሳቢያዬ ውስጥ አለ። መምህሩ አሁንም ከኢታንግ ወዲያ ናቸው። ሚስታቸውን አንዳንዴ ገበያ ላይ አገኛታለሁ። «ያቺ የሮጠችልን ሴት» ብላ ለልጆቿ ታሳየኛለች። ያን ቀን የገዛሁትን ሳልጨርስ እመለሳለሁ።

በወር በወር ከኢታንግ በሚመጣ መኪና አንድ ጥቅል ይደርሰኛል። አቶ ቱት በሁለት እጃቸው ይዘው ያመጡልኛል። የደረቀ ዓሣ ነው። መምህር ስለሆኑ የሚጠቀልሉበት በአሮጌ የፈተና ወረቀት ነው፤ ያለፈው ወር የመጣው ላይ «የሚከተሉትን እውነት ወይም ሐሰት በማለት መልሱ» ይላል። ሆን ብለው እንዳይሆን ብዬ ሌሊቱን አልተኛሁም። ግን አይደለም፤ እሳቸው እንዲህ ያለ ሰው አይደሉም። እንዲህ ያለችው እኔ ነኝ።

እውነቱን ልጽፍላቸው ብዕር አንሥቼ ስንት ጊዜ አስቀመጥኩ። ለእሳቸው መጻፍ ቢያቅተኝ ነው ለእናንተ የጻፍኩት። እሳቸው ያገኙትን ሁሉ የሚያነብቡ ሰው ናቸው፤ ምናልባት ይህም ይደርሳቸው ይሆናል። ምናልባትም ከእናንተ መካከል ከዚያ ኒም ዛፍ ሥር ተቀምጦ፣ ቀይ አይቶ፣ ሳያንኳኳ የተመለሰ ይኖራል።

ዓሣውን መመለስ አልቻልኩም፤ ለምን ይሉኛላ። መጣልም ግፍ ነው። ስለዚህ እበላዋለሁ፤ ደግሞ ይጣፍጣል።

ይቅር በሉኝ።